ከጨንቻ እስከ አርባ ምንጭ እንግዶችን በብስክሌት ልመራ ነው፤ ምን ላዘጋጅ?

ጥያቄ፦ አስጎብኚ፣ ከአርባ ምንጭ

ሰላም ለሁላችሁ። በአርባ ምንጭና በጋሞ ደጋ እንግዳ በእግርና በመኪና ማስጎብኘት ሥራዬ ነው። አሁን ስምንት ሰዎች «በብስክሌት ውሰደን» ብለውኛል። ስድስቱ ከአዲስ አበባ ናቸው፣ ሁለቱ ሆላንድ ያደጉ ሐበሾች። ሐሳባቸው ጠዋት ብስክሌቱን በፒክአፕ ጭነን ጨንቻ መውጣት፣ ከዚያ ዶርዜ ላይ ቤቱንና ሽመናውን አይተው፣ ቆጮ በልተው፣ እስከ አርባ ምንጭ እየነዱ መውረድ ነው። ሁሉም በአንድ ቀን እንዲያልቅ፣ ቀኑም የገበያ ቀን እንዲሆን ይፈልጋሉ። ወሩ ጥር ነው።

አካባቢውን ለማታውቁት፦ ጨንቻ ከባሕር ጠለል በላይ 2,700 ሜትር ገደማ፣ አርባ ምንጭ ደግሞ 1,300 ሜትር ገደማ ላይ ናቸው። በመካከላቸው ያለው 37 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ከሶዶ ከሚመጣው ዋና መንገድ ከተገነጠሉ በኋላ መንገዱ ተራራውን እየተጠማዘዘ ነው የሚወጣው። ከላይ ሆነው ሲያዩ አባያና ጫሞ ሐይቆች ተዘርግተው ይታያሉ። ሰው ዓይኑን ከመንገዱ የሚያነሳው እዚያ ላይ ስለሆነ ሥጋት ገብቶኛል።

ብስክሌቱ ምን ዓይነት ይሁን? ስንት አጋዥ ያስፈልገኛል? የአንድ ቀኑ ዕቅድስ ያዋጣል? መንደሩን ሳናስቸግር ለማለፍስ ምን ላድርግ?

መልስ፦ ብስክሌት ጠጋኝ፣ ከሐዋሳ

ወንድሜ፣ ከምንም በፊት ፍሬኑን እይ። 1,400 ሜትር ቁልቁለት የሚወርድ ሰው ፍሬኑን ሳይለቅ ይዞ ከሄደ ይግላል። ቸርኬው ጠርዝ ላይ የሚይዝ ፍሬን ከሆነ ሙቀቱ ወደ ውስጥ ጎማው ያልፍና ሊያፈነዳው ይችላል። ዲስክ ፍሬን ከሆነ ደግሞ ሸራው ይቃጠልና መያዝ ይተዋል። ስለዚህ ለእንግዶችህ መጀመሪያ የምታስተምራቸው ይህን ነው፦ ኩርባው ከመድረሱ በፊት ጠበቅ አድርገው ይያዙ፣ ፍጥነቱ ሲበርድ ይልቀቁ፣ ኩርባውን ፍሬን ሳይዙ ይዙሩ። በሁለቱም እጅ ነው የሚያዘው። አስፋልት ላይ የበለጠ የሚያቆመው የፊተኛው ነው፤ ኮረኮንች ላይ ግን የፊተኛውን ብቻ ድንገት ጭምቅ ያደረገ ሰው ጎማው ይንሸራተትና በአፉ ይደፋል።

ብስክሌቱ ጎማው ሰፊ፣ ማርሽ ያለው፣ የተራራ የሚባለው ይሁን። ቀጭን ጎማ ያለው የእሽቅድምድም ብስክሌት ይዘው ቢመጡ እንኳ ለአስፋልቱ ብቻ ይሁን በላቸው። ጎማውን ድንጋይ እስኪመስል አትንፋው፤ ትንሽ ለስለስ ካለ ኮረኮንቹን ይይዛል።

ኪራይ ከሆነ ከጉዞው አንድ ቀን ቀደም ብለህ እያንዳንዱን ብስክሌት አንተ ራስህ ነድተህ ሞክረው። የፍሬኑን ገመድ፣ የሸራውን ውፍረት፣ ካቴናውን፣ የመሪውን ብሎን እይ። ወንበሩን በየሰዉ ቁመት አስተካክልና ስማቸውን በፕላስተር ጻፍበት፤ ጠዋት ላይ ግርግር አይኖርም። መለዋወጫ ስትይዝ በጎማው ቁጥር ይሁን፤ 26 የሆነ የውስጥ ጎማ ለ29 አይሆንም። አንድ ብዙ ሰው የሚረሳው ነገር ደግሞ የቫልቩ አፍ ነው። ከውጭ የሚመጡት ብስክሌቶች ብዙውን ጊዜ አፉ ቀጭን ነው፤ የጎሚስታው መንፊያ አይገባበትም። ለሁለቱም የሚሆን የእጅ መንፊያ ያዝ። ማጣበቂያና ልጣፊ፣ የካቴና መበጠሻ፣ ትርፍ የፍሬን ገመድና ሸራ ከጨመርክ ይበቃሃል።

መልስ፦ የክለብ ብስክሌተኛ፣ ከአዲስ አበባ

ለስምንት ሰው ቢያንስ ሦስት ሆናችሁ ውጡ፤ አንዱ ፊት፣ አንዱ ጭራ፣ አንዱ መኪና ውስጥ። ፊት ያለውን መሪ ማንም አይቀድምም። ይህን ሕግ ጠዋት ከመነሳታችሁ በፊት በግልጽ ተናገር፣ ያልተስማማ ሰው ካለም በመኪና ይውረድ። በተለይ ከመካከላቸው ጎበዝ ነጂ ካለ እሱን አስቀድመህ ለብቻ አናግረው፤ ቡድን የሚበትነው ደካማው ሳይሆን ጎበዙ ነው። በሁለት ብስክሌት መካከል ኩርባ ላይ ከ20 ሜትር ያላነሰ ክፍተት ይኑር። አጃቢው መኪና ከኋላ ይሁን፣ ከኋላ የሚመጣውን አይሱዙ እሱ ያቀዘቅዝላችኋል።

ሐይቆቹ የሚታዩበትን ቦታ አንተ ቀድመህ ምረጥና «እዚህ ቆመን እናያለን» በላቸው። መቆሚያ እንዳለ የሚያውቅ ሰው እየነዳ አያይም፣ ስልክም አያወጣም።

ከደረሱበት ቀን ከሰዓት በኋላ አርባ ምንጭ ሜዳው ላይ ለአንድ ሰዓት አስነዳቸው። ማን ፍሬን እንደሚፈራ፣ ማን መሪውን በአንድ እጅ እንደሚይዝ እዚያው ታያለህ። ቁልቁለቱ ላይ ማወቅ ዘግይቷል።

የገበያ ቀን መውረድን ግን አልደግፍም። መንገዱ የሰዉም ነው። ሸክም የያዘች እናት ከኋላዋ ድምፅ የሌለው ብስክሌት ሲመጣባት ወዴት ትሸሻለች? ቃጭል ብቻውን አይበቃም።

ጠያቂው

ከልብ አመሰግናለሁ። የቡድኑን አስተባባሪ አናግሬው ነበር፤ ገበያውን ሳያዩ መሄድ አይፈልጉም፣ የአንድ ቀኑንም አልለቀቁም። የዶርዜ ሰው እዚህ ካለ ምክሩን እፈልጋለሁ።

መልስ፦ ሸማኔ፣ ዶርዜ ተወልጄ ሽሮ ሜዳ የምኖር

ልጄ፣ እኔ ብስክሌት አልነዳም፤ ስለ አገሬ ግን ልንገርህ። የዶርዜ ገበያ ሰኞና ሐሙስ ነው፣ የጨንቻ ማክሰኞና ቅዳሜ። ገበያው የሚሞላው ረፋድ ላይ ነው፤ ከዚያ በፊት ሰዉ ከየመንደሩ እየመጣ መንገድ ላይ ነው፣ ከዚያ በኋላ ደግሞ እየተመለሰ። እንግዶችህ በገበያ ቀን ይምጡ፣ ግን ብስክሌታቸውን ግቢ አቁመው በእግራቸው ይግቡ። እዚያው ዶርዜ ይደሩ። በቀርከሃ በተሠራ የባህል ቤት የሚያሳድሩ ማረፊያዎች አሉ። በማግስቱ በማለዳ መንገዱ ባዶ ሳለ ይውረዱ። ሁለቱንም ፍላጎታቸውን አገኙ ማለት ነው።

ማደራቸው ሌላም ጥቅም አለው። ቤታችንን በሩጫ ያየ ሰው «የዝሆን ፊት ይመስላል» ብሎ ፎቶ አንስቶ ይሄዳል። ቁጭ ያለ ሰው ግን ቤቱ በቀርከሃ እንደ ቅርጫት ተሠርቶ እንደሚቆም፣ አዲስ ሲሆን በጣም ረጅም እንደሆነ፣ ከሥሩ ምስጥ በበላው ቁጥር እያጠረ እንደሚሄድ፣ ሲያስፈልግም ሰው ተሰብስቦ ተሸክሞ ቦታ እንደሚቀይረው ይሰማል። ሴቶቹ ሲፈትሉ፣ ወንዱ ጉድጓዱ ውስጥ እግሩን አስገብቶ ሲሸምን፣ እንሰቱ ሲፋቅና ጉድጓድ ገብቶ ሲብላላ ማየት ጊዜ ይፈልጋል። ጋቢ ወይም ነጠላ መግዛት የፈለገ ካለ ከሠራው ሰው እጅ ይግዛ፤ ዋጋው ላይ ይነጋገር፣ ግን የቀናት ሥራ መሆኑን አይቶ ይነጋገር።

ሦስት ነገር አደራ። አንደኛ ዱቡሻ። ሣር ያለበት ሰፊ ሜዳ ሲያዩ ለብስክሌት የተሠራ ይመስላቸዋል። እዚያ አባቶች ይመክሩበታል፣ ነገር ይፈርዱበታል፣ የተጣላ ያስታርቁበታል። ሳይጠየቅ ጎማ አይግባበት። የመንደሩ ሰው አብሯችሁ ካለ የቱ ዱቡሻ እንደሆነ ይነግራችኋል፣ ስለዚህ ከመንደሩ አንድ አስጎብኚ ያዝ። አንተ የአርባ ምንጭ ልጅ ብትሆንም በየመንደሩ ያለውን አታውቅም።

ሁለተኛ ልጆቹ። ኩርባው ላይ መኪና ሲያዩ መንገዱ መሃል ወጥተው ይጨፍራሉ፣ ይገለባበጣሉ፣ ሳንቲም ይጠብቃሉ። ለመኪና አደገኛ ከሆነ ለብስክሌት ይብሳል። ማንም እየሄደ ምንም አይስጥ።

ሦስተኛ ፎቶ። መጀመሪያ ሰላምታ፣ ከዚያ ጥያቄ፣ ከዚያ ፎቶ። እምቢ ያለውን ሰው አያባብሉ።

መልስ፦ የክለብ ብስክሌተኛ፣ ከአዲስ አበባ

ጋሼ፣ ስለ ልጆቹ አንድ ነገር ልጠይቅዎ። ገንዘብ ትቶ ደብተርና እስክሪብቶ ቢሰጣቸውስ? እኛ ወደ ገጠር ስንወጣ እንዲህ እናደርጋለን።

መልስ፦ ሸማኔ፣ ዶርዜ ተወልጄ ሽሮ ሜዳ የምኖር

መንገድ ላይ ከሆነ ደብተርም አይሆንም፣ ልጄ። ደብተር ያገኘ ልጅ ነገም ትምህርቱን ትቶ ኩርባው ላይ ይቆማል፣ ታናሹንም ይዞ ይመጣል። መስጠት የፈለገ ትምህርት ቤቱ ድረስ ሄዶ ለርዕሰ መምህሩ ይስጥ። ይህን ያህል ጊዜ የለኝም የሚል ከሆነ ለመንደሩ አስጎብኚ አደራ ይበል።

መልስ፦ ነርስ፣ ከጋሞ ዞን

የሁለት ቀኑን ሐሳብ በጤናም በኩል እደግፈዋለሁ፤ በተለይ በአረቄው ምክንያት። ዶርዜ ላይ እንግዳ ሲገባ ቆጮ በማርና በዳጣ ይቀርብለታል፣ አረቄም ይከተላል። እምቢ ማለት ለእንግዳ ይከብደዋል። ጠጥቶ ወዲያው ያንን ቁልቁለት መውረድ ግን ፈጽሞ አይታሰብም። ማታ ከሆነ ይጠጣሉ፣ ይጫወታሉ፣ ይተኛሉ። ዳጣው በጣም ያቃጥላል፤ ላልለመደ ሆድ በትንሹ ይጀመር።

የአዲስ አበባዎቹን ከፍታው አያስቸግራቸውም። ከሆላንድ የሚመጡት ግን ከባሕር ጠለል ነው የሚነሱት፤ ቢያንስ አንድ ሁለት ቀን አዲስ አበባ ቢቆዩ ይሻላል። ራስ ምታት ወይም ማቅለሽለሽ ያለበት ሰው በመኪና ይውረድ።

ብርዱን አትናቁት። ጨንቻ ጠዋት ይቀዘቅዛል፣ ቁልቁለት ላይ ደግሞ ነፋሱ ጣት ያደነዝዛል፤ የደነዘዘ ጣት ፍሬን አይዝም። ሙሉ ጓንትና ነፋስ የማያሳልፍ ጃኬት ይኑራቸው። ታች ሲደርሱ ሙቀት ስለሚቀበላቸው ተደራራቢ ልብስ ነው የሚሻለው። ጥር ደረቅ ስለሆነ አቧራውም አለ፤ መነጽር ያድርጉ። አርባ ምንጭ ወባ አለ፤ እዚያ በሚያድሩበት ሌሊት አጎበር ይኑር፣ ከውጭ የሚመጡትም መከላከያ መድኃኒቱን ከመነሳታቸው በፊት ሐኪማቸውን ይጠይቁ።

ሄልሜት የሌለው አይነዳም። የወደቀ ሰው «ደህና ነኝ» ቢልም ጭንቅላቱን ከተመታ፣ ካስመለሰው፣ ግራ ከገባው ወይም ያንኑ ጥያቄ ደጋግሞ ከጠየቀ ወደ ሆስፒታል ነው የሚሄደው። ጨንቻም አርባ ምንጭም ሆስፒታል አለ፤ ሾፌሩ ከየትኛው ነጥብ የትኛው እንደሚቀርብ ቀድሞ ይወቅ።

ጠያቂው

የጋሼን ሐሳብ ለአስተባባሪው ልኬለት ተስማምተዋል። ረቡዕ ከሰዓት አርባ ምንጭ ሜዳ ላይ ሙከራ፣ ሐሙስ በመኪና ወጥተን የዶርዜ ገበያ በእግር፣ አዳር ዶርዜ፣ ዓርብ ከጠዋቱ 1 ሰዓት ላይ ቁልቁለቱን እንጀምራለን። ጨንቻ ከተማን በዚህ ጉዞ ትተነዋል። የመጨረሻ ጥያቄዬ የገንዘብ ነው። ለእንግዶቹ አንድ ጥቅል ዋጋ ልንገራቸው ወይስ በየቦታው ራሳቸው ይክፈሉ?

መልስ፦ የጉዞ ወኪል ሠራተኛ፣ ከአዲስ አበባ

ጥቅል ዋጋ ይሻላል፣ ግን ውስጡ ምን እንዳለ በዝርዝር ጽፈህ ስጣቸው፦ የመንደር መግቢያ፣ የመንደሩ አስጎብኚ፣ የሽመናና የቆጮ ማሳያ፣ አዳር፣ ምግብ፣ ፒክአፕና ነዳጅ፣ የብስክሌት ኪራይ። የመንደሩን ድርሻ በጥሬው እዚያው ክፈል፣ ደረሰኝ ባለበት ደረሰኝ ተቀበል። እንግዳው የከፈለው ገንዘብ ለማን እንደደረሰ ካወቀ በየበሩ ሲጠየቅ አይበሳጭም፤ መንደሩም ተከፍሎት ከሆነ እንደገና አይጠይቅም። ፎቶ የተነሳ ሰው የሚሰጠውን ከጥቅሉ ውጭ አድርገውና አስቀድመህ ንገራቸው።

ብስክሌት ከአዲስ አበባ በአውሮፕላን እናመጣለን ካሉህ ቲኬት ከመቁረጣቸው በፊት አየር መንገዱን ይጠይቁ። ወደ አርባ ምንጭ የሚበረው አውሮፕላን ትልቅ ስላልሆነ የስምንት ሰው ብስክሌት በአንድ በረራ ላይጫን ይችላል። በመኪና ቀድሞ መላክ ይቀላል።

ቀኑን ስትቆርጥ ጥምቀትን ተመልከት። ጥር 10 እና 11 መንገዱ በታቦትና በምዕመን ይሞላል፤ ማየት ከፈለጉ ቆመው ይዩ እንጂ አይንዱ። ረቡዕ ማታ ደግሞ ለመንደሩ አስጎብኚ ደውል። ለቅሶ ካለ የመንደሩ ሰው ሁሉ እዚያ ነው የሚሆነው፤ እንዲህ ከሆነ ጉብኝቱን ወደ ሌላ መንደር እንዲያዛውርልህ ጠይቀው።