የጨፌውና የተዳፋቱ ጉዳይ፦ በጋራ የምናስገባው ምክረ ሐሳብ ረቂቅ

ጸሐፊዋ፦
ጤና ይስጥልኝ። ማኅበራችን የሚያስገባው ምክረ ሐሳብ የመጀመሪያው ረቂቅ ለሁላችሁም ደርሷል። ያላነበባችሁ ካላችሁ ነገሩ ይኸው ነው፦ ከደብረ ብርሃን ዳር፣ ውሃውን ወደ በሬሳ ወንዝ የሚያወርደው ጨፌ (ረግረጋማው የሣር ሜዳ) እና ከበላዩ ያለው የተራቆተ ተዳፋት አንድ ላይ ተከልለው የተፈጥሮ ጥብቅ ቦታ እንዲሆኑ እንጠይቃለን። ለከተማ አስተዳደሩም ለዞኑም ነው የሚገባው። እባካችሁ «ጥሩ ነው» ብቻ ብላችሁ አትለፉ። የማይስማማችሁን አንቀጽ ጥቀሱና በምን ይተካ እንደምትሉ ጻፉ።

የንግድ ሥራ ያለው አባል፦
እኔ ጨፌው ለምን ባዶውን ይቀመጣል ነው የምለው። በሐምሌ ወጥተን ሙሉውን ችግኝ ብንተክልበት አስተዳደሩም ደስ ይለዋል። ባሕር ዛፍ ደግሞ ቶሎ ይደርሳል፤ ማኅበሩ ከአጣና ሽያጭ ገቢ ያገኛል።

የደን ባለሙያው፦
ወንድሜ፣ በዚህስ አንስማማም። ጨፌው ላይ ዛፍ አይተከልም፤ ባሕር ዛፍ ደግሞ ጭራሽ። በምኒልክ ዘመን የገባው ማገዶ በመጥፋቱ ነበር፣ ለዚያም አገልግሏል። ነገር ግን ውሃ እንደ ጉድ ይስባል። ጨፌ ዳር የተከለ ሰው ምንጩ ሲሸሽ ያየዋል። ጥድ እንኳ ቢሆን ሥሩ ውሃ ውስጥ ሲከርም ይበሰብሳል። ጨፌውም ባዶ አይደለም፦ የክረምቱን ውሃ ይዞ በበጋ ቀስ እያለ የሚለቀው እሱ ነው።

ተዳፋቱ ላይ ግን እጃችንን እናሳይ። ጥድ፣ ወይራ፣ ኮሶ፣ ጠርዙ ላይ ቀጋ። ዘሩን ከወፍ ዋሻ ደን ብናመጣ ቅርብም ነው፣ የአገሩንም ብርድ የለመደ ነው። የመናገሻ ሱባ ደን በአፄ ዘርዓ ያዕቆብ ትእዛዝ ከወፍ ዋሻ በመጣ የጥድ ዘር ተተከለ ይባላል። ደብረ ብርሃንን የቆረቆሩትም እሳቸው ናቸውና ለመግቢያችን መልካም ይመስለኛል።

አንድ ነገር ግን በረቂቁ የለም፦ ውርጭ። ከተማችን ከባሕር ወለል በላይ 2,800 ሜትር ገደማ ነው። በሐምሌ የተተከለው ችግኝ መስከረምን አምሮበት ያልፍና ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ ጠዋት ጠዋት ጫፉ እየጠቆረ ይሞታል። እያንዳንዱን በሣር ጎጆ መሸፈን፣ ለዚህም የሰው ጉልበት በበጀቱ መያዝ አለበት። ሪፖርታችንም ስንት ተከልን ሳይሆን ስንት ጸደቀ ይበል።

ከጨፌው አጠገብ የሚኖሩ አዛውንት አባል፦
(የሚጽፍልኝ የልጄ ልጅ ነው።) «ማንኛውም ግጦሽ ይከለከላል» የሚለውን አንብቦልኛል። ማን አማክሮ ጻፈው? እስቲ ስለ ሣሩ ልንገራችሁ።

በክረምት በጎቼን ጨፌ ማስገባት እኔም አልወድም። ረግረጉ ውስጥ ቀንድ አውጣ አለ፣ ከሱም የጉበት ትል ይመጣል። በጉ ይከሳል፣ ከመንጋጋው ሥር ያብጣል፣ ዓይኑን ገልበጥ ስታደርጉት ነጭ ነው። ከብቱም ከኩሬው ሲጠጣ አልቅት ይይዘዋል። ስለዚህ ከሰኔ እስከ መስከረም ዝጉት ብትሉ እጄን አወጣለሁ። ነገር ግን ኅዳር ላይ ሣሩ ደርሶ ሲታጨድ ድርቆሹ የእኛ ነው። እሱ ከሌለ የካቲትና መጋቢት ላይ በሬው በምን ቆሞ ያርሳል? ለበዓል ቄጠማ አጭደው ገበያ የሚያወጡትንም ሴቶች አስቡ። ሣሩን ከከለከላችሁን አጥሩ አንድ ክረምት አይከርምም። እኔ አላፈርሰውም፤ የሚያፈርሰውን ግን አላስቆምም።

ጸሐፊዋ፦
አባባ፣ እድሜ ይስጥልን። ግጦሽ የሚከለክለው አንቀጽ 4 ወጥቷል፤ እርስዎ ባሉት እንተካዋለን። ጋሼ መምህር፣ የመንዝ ጓሳ ሣር እንዴት እንደተጠበቀ እርስዎ ቢጽፉልን?

መምህሩ፦
አዛውንቱ ያሉት በዞናችን ሲሠራበት የኖረ ነው። የመንዝ ጓሳ ለዘመናት የተጠበቀው በቀሮ ሥርዓት ነው፦ ሣሩ እስኪደርስ ለዓመታት ይዘጋል፣ ሲከፈት ደግሞ ባለመብቱ በሥርዓት ያጭዳል። በ1967 የመሬት አዋጅ የርስቱ ሥርዓት ሲቀር ቀሮውም ተናጋ፤ ኋላ ኅብረተሰቡ በራሱ መንገድ መልሶ አቋቋመው። ዛሬ ቀይ ቀበሮውም ጭላዳውም እዚያው ናቸው፣ ሰዉም የቤት ክዳን ሣሩን ያገኛል።

ግን እንዳለ እንቅዳው አልልም። መንዝ ላይ ባለመብቱ በትውልድ ይታወቅ ነበር። እኛ ዘንድ ገበሬ አለ፣ ተከራይ አለ፣ ከተማው ሲሰፋ ይዞታው የጠበበበት አለ። ትውልድ ብንቆጥር ተጣልተን እናርፋለን። የጨፌው ዙሪያ እድሮች ዳኛ ቢሆኑ፣ መዝጊያና መክፈቻ ቀኑን እነሱ ቢቆርጡ ይሻላል። የእድር ቅጣት ከቀበሌ ደብዳቤ ይልቅ ይፈራል።

በውሃ ሥራ ላይ ያለችው አባል፦
ስለ ሣር ብዙ ተባለ፤ እኔን የሚያሰጋኝ ቦይ ነው። አንድ ሰው ለግንባታ ብሎ በጨፌው መሐል አንድ ሜትር ጥልቅ ቦይ ቢቀድ በሁለት በጋ ጨፌው ሜዳ ይሆናል፤ ያኔ ጥብቅ ቦታ የሚለው ሰሌዳ ብቻውን ይቆማል። የፍርስራሽ አፈርም በጋሪና በገልባጭ እየመጣ ከዳር ከዳር ይደፋል። እንዲህ ይጻፍ፦ ቦይ መቆፈርና አፈር መድፋት ፈጽሞ ክልክል ነው፤ ከበላዩ የሚመጣ ማንኛውም ፋብሪካ ወይም መንገድ በአዋጅ 299/1995 መሠረት የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማው ይታይ። በሬሳ ወደ ጀማ፣ ጀማም ወደ ዓባይ ነው፤ እዚህ የተደፋው እዚህ አይቀርም።

አዲስ አበባ ያለው አባል፦
መናፈሻና ጀልባ ቢጨመርበትስ? ወጣቱ ሥራ ያገኛል።

የደን ባለሙያው፦
ጀልባው በምን ላይ ይንሳፈፍ? ጉልበት የሚደርስ ጭቃ ነው ያለን! ይልቅ የአንኮበርን ወፎች ለማየት የሚመጡ ጎብኚዎች በእኛው ከተማ ነው የሚያልፉት። የኢትዮጵያ ደጋ ብቻ የሆነችው ክንፈ ሰማያዊዋ ዝይ እንዲህ ያለ ጨፌ ትወዳለች። ከእንጨት የተሠራ አንድ ማማና ሁለት የሠለጠኑ ልጆች ይበቃሉ። ከሆለታ ወዲያ ያለውን የበርጋ ጨፌም ሄደን ብናይ እወዳለሁ፤ በዓለም ላይ በጣም ጥቂት ቦታ ብቻ የምትራባ ትንሽ ወፍ በክረምት እዚያ ትፈለፍላለች፣ ሣሩ ያለጊዜው ከተጋጠ ግን መሸሸጊያ የላትም።

ሕግ ያጠናው አባል፦
አጭር ነገር። አዋጅ 1065/2010 የግል፣ የማኅበረሰብ፣ የማኅበርና የመንግሥት ደን ብሎ ይለያል። ተዳፋቱን በማኅበር ደን ከጠየቅን የእኛ ብቻ ይመስላል፤ የማኅበረሰብ ይሁን። ጨፌው ግን ደን ስላልሆነ በዚያ አዋጅ አይሸፈንም። ለብቻው ስምምነት ይዘጋጅለት፣ እድሮቹም ይፈርሙበት።

ጸሐፊዋ፦
እሺ። አንቀጽ 4 አሁን እንዲህ ይነበባል፦ «ጨፌው ከሰኔ 1 እስከ መስከረም 30 ከከብትና ከበግ ይዘጋል። ከዚያ በኋላ ሣሩ እድሮቹ በሚቆርጡት ቀን በእጅ ታጭዶ ይወሰዳል፤ ልቅ ግጦሽ የለም። የቄጠማ አጫጆች ድርሻ ይጠበቃል። ዛፍ አይተከልበትም፣ ቦይ አይቀደድበትም፣ አፈር አይደፋበትም።»

የቀረን ሁለት ነገር ነው። አንደኛ፣ ከጥቅምት እስከ ጥር በድርቆሹ ቦታ ላይ በግ ይግባ አይግባ አልተስማማንም፤ ይህን እኛ ሳንሆን እድሮቹ ይወስኑት፣ ባዶ መስመር ትቼለታለሁ። ሁለተኛ፣ ወሰኑን በእግር ዞረን ሳናይ ካርታ አናስገባም። አባባ የድሮውን ምልክት ድንጋይ ያሳዩናል፣ የውሃዋ እህታችን ጂፒኤስ ትይዛለች። ቅዳሜ ጠዋት ቦቲ ጫማ ያለው ሁሉ ይምጣ። ነጋዴው ወንድማችን ደግሞ የባሕር ዛፉን ትቶ የችግኝ ሽፋኑን ሣርና የጉልበት ዋጋ አስልቶ ይላክልኝ።