የአስማቱ ዓለም አንድ ቀን መቁጠሪያ ይኑረው ወይስ ሁለት?

አስተባባሪ፦
ሰላም የደሴና የኮምቦልቻ ተረት ጸሐፊዎች። በጋራ ለምንጽፈው የአስማት ዓለም እስካሁን የተስማማንበት ይህ ነው፦ ዓመቱ 400 ቀን፣ 10 ወር፣ ወሩ 40 ቀን። ጨረቃዋ በየ32 ቀኑ ትሞላለች፤ ስትሞላ አስማት ይበረታል፣ ስትጠፋ ይሞታል። ያልተስማማነው ደግሞ፦ ገበሬው በፀሐይ፣ አስማተኞቹ በጨረቃ ይቁጠሩ? ወይስ ሁሉም በአንድ? ሐሳባችሁን ስጡ፤ ድምፅ የምንሰጠው አርብ ማታ ነው።

ሆጤ፦
አንድ ይሁን። ሰው ልብ ወለድ የሚያነበው ሒሳብ ሊሠራ አይደለም። በመጀመሪያው ምዕራፍ ላይ ሁለት ዓይነት ቀን ከደረደርንለት ይተወናል። ወሩን ራሱን 32 ቀን እናድርገው። ያኔ ወር በገባ በ16ኛው ቀን ጨረቃ ሙሉ ናት፣ አንባቢም ቀኑን ብቻ አይቶ ድግምቱ ይሠራል አይሠራም የሚለውን ያውቃል።

የጦሳ ልጅ፦
እኔ ሁለት ይሁን ባይ ነኝ። ሆጤ ወንድሜ፣ 400 ለ32 እኩል አይካፈልም፤ 12 ከግማሽ ነው የሚሆነው። ስለዚህ ወይ አዝመራው ከወር ወር ይንከራተታል፣ ወይ በየሁለት ዓመቱ 13ኛ ወር ልትጨምር ነው። ቀላል ያልከው መንገድ ቀላል አይደለም።

አንባቢ ይደናገራል የሚለውን ግን ጨርሶ አልቀበልም። እኛ ወሎ ውስጥ ነን። በአንድ ግቢ አንዱ ጎረቤት ለደመራ ችቦ ሲያስር ሌላው ለመውሊድ ይዘጋጃል። መስቀል ከመስከረም 17 ንቅንቅ አይልም፤ መውሊድ ግን በጨረቃ ስለሚቆጠር በየዓመቱ 11 ቀን ገደማ እየቀደመ በ33 ዓመት አካባቢ ክረምት ከበጋ ዞሮ ይመለሳል። ረመዳንን በሐምሌ ጭጋግ መጾም የጀመረ ልጅ ጎልምሶ በጥር ፀሐይ ይጾመዋል። በዚህ ግራ የተጋባ ሰው ደሴ ላይ የለም፤ ክርስቲያኑም የሙስሊሙን በዓል፣ ሙስሊሙም የክርስቲያኑን መቼ እንደሆነ ጠይቆ ያውቃል።

በፀሐይ የሚቆጥረውም ቢሆን ጨረቃን አልተዋትም። የፋሲካ ማውጫው ባሕረ ሐሳብ የቆመው እዚያው 11 ቀን ላይ ነው። 2017ን ብንወስድ፦ ከዓለም ፍጥረት እስከ ክርስቶስ የሚቆጠረው 5500 ሲደመርበት 7517፤ ለ19 ሲካፈል 12 ይተርፋል፤ አንዱን ለዘመን ቀንሰን ወንበሩ (ዓመቱ በ19 ዓመቱ ዙር ያለው ቦታ) 11። 11 በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ (ሠላሳ ሠላሳው ሲወጣ) አበቅቴው፣ ማለትም የፀሐይ ዓመት ከጨረቃው የሚበልጥበት ትርፍ ቀን፣ 1፣ 11 በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ መጥቅዑ (የአጽዋማትና የበዓላት ቀን የሚወጣበት ቁጥር) 29። የሁለቱ ድምር በየትኛውም ዓመት 30 ነው። ሊቃውንቱ ልዩነቱን ሊያጠፉት አልሞከሩም፤ ሥርዓት አበጁለት እንጂ። በመካከለኛው አሜሪካ በጥንቶቹ ማያ ሕዝቦችም ዘንድ 260 ቀን የሚቆጥረውና 365 ቀን የሚቆጥረው ጎን ለጎን ሄደው የሚገናኙት በየ52 ዓመቱ ነበር።

አሁን የእኛኑ ዓለም አስሉት። 12 የጨረቃ ወር 384 ቀን ነው፤ ከፀሐዩ ዓመት 16 ቀን ያንሳል። 24 የፀሐይ ዓመት 9,600 ቀን፣ 25 የጨረቃ ዓመትም 9,600። ስለዚህ ሁለቱ በየ24 ዓመቱ አዲስ ዓመትን አብረው ያከብራሉ። በመሐል ያለው 16 ቀን ነው ታሪክ የሚወልደው። አንዲት መበለት ጨረቃ በሞላች ሌሊት ከአስማተኞች ቤት ዘር ተበደረች እንበል፤ መሐላው «ለዓመት» ነው። እሷ በልቧ የያዘችው የሚመጣውን አጨዳ ነው። አበዳሪው ግን 384ኛው ቀን ላይ ደጇ ቆመ፤ እህሉ ገና አልደረሰም። 16 ቀን ታገሠኝ ብትለው አይችልም። ምክንያቱም 16 ቀን የጨረቃዋ ዑደት እኩሌታ ነው፦ ዛሬ ሙሉ የሆነችው ያን ቀን ትጠፋለች፣ መሐላውን ያሰረው ድግምትም አብሯት ይሞታል። ሁለቱም የሚሉት እውነት ነው፣ ግን አንዳቸው ሊጎዱ ነው። በአንድ አቆጣጠር ይህን ከየት እናመጣዋለን?

ቦርከና (ከኮምቦልቻ)፦
በሁለቱ እስማማለሁ፣ የመበለቷንም ታሪክ እኔ ልጻፈው። ግን ዓለሙ የአስማት ነው ካልን ሊቀ አስማቱ በድግምት ቀን መጨመርና መሰረዝ ይቻለው። አለበለዚያ ኃይሉ ምኑ ላይ ነው?

የጦሳ ልጅ፦
ቦርከና፣ ይህ ከመጣ ሁሉም ፈረሰ። ቀን እንደፈለገ የሚነሳና የሚወድቅ ከሆነ ማንም ቀጠሮ አይፈራም፣ ዕዳም አይከብድም። ደግሞም ቀን ለማዛባት ድግምት አያስፈልግም። በጥንቷ ሮም ተጨማሪውን ወር የማወጅ ሥልጣን የካህናቱ ነበር፤ የወዳጅ የሥልጣን ዘመን እንዲረዝም፣ የጠላት እንዲያጥር ይጠቀሙበት ነበር። ዩልየስ ቄሳር ከክርስቶስ ልደት በፊት በ46 ዓመት ሊያስተካክለው ሲነሳ ያ አንድ ዓመት 445 ቀን ሆነ። የእኛም ሊቀ አስማት ማወጅ ይችል፤ ጨረቃዋን ማንቀሳቀስ ግን አይችል። አዋጁ «ነገ ሙሉ ናት» ሲል ሕዝቡ ቀና ብሎ ግማሿን ያያል። ከዚያ በኋላ የሚመጣውን አመፅ ደግሞ እንጽፈዋለን።

ሰኞ ገበያ፦
ወርና ዓመት ላይ ብቻ ስትከራከሩ ሳምንቱን ማን አነሳው? የገጠር ሰው ቀን የሚቆጥረው በገበያ ነው። ባቲ የሚወርድ ነጋዴ ሰኞን እንጂ ቀኑ ስንት እንደሆነ አይጠይቅም። የዚያ ዓለም ሳምንት 8 ቀን ይሁን። 40ም 32ም ለ8 ይካፈላሉ፦ የፀሐዩ ወር 5 ገበያ፣ የጨረቃዋ ወር 4 ገበያ። በፀሐይም በጨረቃም የሚቆጥረው የሚገናኘው እዚያ ነው። የሆጤም ጭንቀት ይቃለላል፤ 32 ለ8 ስለሚካፈል ጨረቃዋ ሁልጊዜ የምትሞላው በአንድ የታወቀ የሳምንት ቀን ነው።

በነገራችን ላይ ዝናቡንም አትርሱ። ዓመቱ 400 ቀን ከሆነ አንድ ክረምት ብቻውን አይበቃውም፤ እንደኛ በልግ ይጨመርለት። በልግ የቀረበት ዓመት ምን ማለት እንደሆነ ለደቡብ ወሎ ሰው አይነገርም፣ መበለቷም ዘር የተበደረችው በዚያ ምክንያት ቢሆን ያምራል።

ሆጤ፦
እህቴ፣ የ8 ቀኑን ሳምንት ካስገባችሁ ድምፄን ለሁለቱ እሰጣለሁ። ግን ቅድመ ሁኔታ አለኝ፤ በየምዕራፉ ራስጌ የሚጻፈው ቀን የባለታሪኩ ብቻ ይሁን። ገበሬ ሲተርክ በፀሐይ፣ አስማተኛ ሲተርክ በጨረቃ፤ ሁለቱን ጎን ለጎን አንጻፍ።

የጦሳ ልጅ፦
ይሁን። የቀረን ጨረቃዋ የምትሞላበት ቀን የገበያ ቀን ይሁን አይሁን ነው። እኔ ይሁን እላለሁ። አገር ምድሩ በተሰበሰበበት አስማት ሲበረታ ሻጭና ገዥ የሚተማመንበት ሕግ ያስፈልጋል፤ ሚዛን በድግምት የሚያዛባ ይኖራልና።

ሰኞ ገበያ፦
እኔ ደግሞ በፍጹም አይሁን። እንደዚያ ከሆነ አስተዋይ ሰው በዚያ ቀን ከቤቱ አይወጣም፣ ገበያውም ይበተናል። በማግሥቱ ይሁን።

አስተባባሪ፦
ይህኛውም ከአርቡ ድምፅ ጋር ይቅረብ።