ስለ ማንጋና አኒሜ የተጻፉ መጻሕፍት፦ ሻንጣው የሚይዘው ሦስት ብቻ ነው

ሶስና_ቢ፦
ሰላም ለሁላችሁም። የምፈልገው ማንጋውን (የጃፓን ኮሚክ) ራሱን ሳይሆን ስለ ማንጋና ስለ አኒሜ (የጃፓን አኒሜሽን) የተጻፉ የእንግሊዝኛ መጻሕፍትን ነው። ከውጭ የሚመጣ ሰው ሻንጣ ላይ የሦስት መጽሐፍ ቦታ አለ፤ ከዚያ በላይ ማስቸገር አልፈልግም። ኢንተርኔት ላይ ያሉት ዝርዝሮች ሃምሳ መጽሐፍ ይደረድሩና የቱ ለምን እንደሚሆን ሳይናገሩ ያልፋሉ። ለታሪኩ የትኛው ይሻላል? አኒሜ ለምን ቁርጥ ቁርጥ እያለ እንደሚንቀሳቀስ በደንብ የሚያስረዳውስ? ለመሣል የሚረዳ አለ ወይስ ሁሉም ትልልቅ ዓይን ብቻ ነው የሚያስተምሩት? «ማንጋ የጀመረው ከጥንቱ ጃፓናዊ ሠዓሊ ከሆኩሳይ ነው» የሚባለውስ እውነት ነው?

ጥቁር_ቀለም፦
እህቴ፣ ታሪኩን ልያዝልሽ። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር እጽፋለሁ።

በር ከፋቹ የፍሬደሪክ ሾት «ማንጋ! ማንጋ!» ነው፤ በ1983 ወጣ። መቅድሙን ዝነኛው የማንጋ ሠዓሊ ኦሳሙ ቴዙካ ራሱ ጽፎለታል። መጨረሻው ላይ ከአራት ማንጋዎች የተቀነጨቡ ገጾች በትርጉም አሉ፤ ከእነሱ መካከል የቴዙካ «ፊኒክስ» እና የኬይጂ ናካዛዋ «ባዶ እግሩ ጌን» ይገኙበታል። እነዚያ ገጾች ብቻቸውን የመጽሐፉን ዋጋ ያወጣሉ፤ ደራሲው የሚያወራልሽን ነገር እዚያው በዓይንሽ ታዪዋለሽና።

ችግሩ ዕድሜው ነው። «ድራጎን ቦል» የተባለው ዝነኛ ማንጋ መታተም የጀመረው በ1984፣ መጽሐፉ ከወጣ በኋላ ነው። የማንጋ መጽሔቱ ሾነን ጃምፕ በአንድ እትም 6.53 ሚሊዮን ቅጂ የደረሰው በ1994 መጨረሻ ነው። ስለዚህ ስለ ገበያው የሚሰጠውን ቁጥር የዛሬ አድርጋችሁ አትውሰዱት። ሾት ራሱ በ1996 «ድሪምላንድ ጃፓን» የሚል ሌላ መጽሐፍ ጽፏል፤ እሱ ግን በየርዕሱ የተከፋፈሉ አጫጭር ጽሑፎች ስብስብ ነው። ታሪኩን ከመጀመሪያው ተከትሎ ለሚያነብ ሰው የ1983ቱ ይቀድማል። የፖል ግራቬት የ2004 መጽሐፍ ደግሞ ሥዕሉ የሚያምር፣ ጽሑፉ ቀለል ያለ፣ ገጹ ሰፊ ነው። ለሳሎን ጠረጴዛ ይሆናል፤ ለሻንጣሽ አልመክረውም።

አንድ ነገር ልብ በይ። በ1980ዎቹና በ1990ዎቹ በእንግሊዝኛ የወጡ ብዙ ማንጋዎች ገጻቸው እንደ መስታወት ተገልብጦ ነው የታተሙት፤ አንባቢው ከግራ ወደ ቀኝ እንዲሄድ። ስለ ማንጋ የተጻፉ የዚያ ዘመን መጻሕፍትም አንዳንዴ ናሙና ገጽ የሚወስዱት ከእነዚያ ነው። እንዴት ታውቂያለሽ? ኪሞኖውን እዪ። በሕይወት ያለ ሰው የግራውን ጠርዝ ከላይ አድርጎ ይለብሳል፤ የቀኙ ከላይ የሚሆነው ለአስከሬን ነው። ገጹ ሲገለበጥ ሰፈሩ በሙሉ እንደ ሬሳ ለብሶ ይታያል። እኛ ዘንድ ሰው ሁሉ በሠርግ ላይ ነጠላ ዘቅዝቆ ቢሣል ማለት ነው። ሳሙራዩም ሰይፉን በቀኝ ጎኑ ይታጠቃል። ደራሲው በእንዲህ ዓይነት ገጽ ላይ «ዓይናችን እንዲህ ይሄዳል» ብሎ ሲተነትን ካየሽ ትንተናውን በጥርጣሬ አንብቢው።

ፍሬም24፦
የአኒሜው ጥያቄ ላይ ሰዎች ሦስት የተለያዩ መጻሕፍትን እንደ አንድ ዓይነት አድርገው ይመክራሉ። አንድ አይደሉም።

የሱዛን ኔፒየር መጽሐፍ የታሪኩን ይዘት ነው የሚያነበው፤ የጥፋት ቀን፣ የፌስታና የትዝታ መንፈስ እያለ ይከፋፍላል። በ2001 «ከአኪራ እስከ ልዕልት ሞኖኖኬ» ተብሎ ወጣ፤ በ2005 ደግሞ ታድሶ «እስከ ሃውል ተንቀሳቃሽ ግንብ» በሚል ርዕስ ታተመ። ያው መጽሐፍ ነው። ርዕሱ ስለተለወጠ ብቻ ሁለቱንም የሚገዛ ሞልቷል፤ ከገዛሽ የ2005ቱን። ግን «ለምን ቁርጥ ቁርጥ ይላል?» ለሚለው ጥያቄሽ መልስ እዚያ አትፈልጊ፤ የተጻፈው ለዚያ አይደለም።

የጆናታን ክሌመንትስ «አኒሜ፦ ታሪክ» (2013) የኢንዱስትሪውን መንገድ ይከተላል፦ ማን ከፈለ፣ ማን ሣለ፣ በምን ዋጋ ተሸጠ። የቴዙካ «አስትሮ ቦይ» ጃንዋሪ 1 ቀን 1963 በፉጂ ቴሌቪዥን ሲጀምር ከወጪው በታች ተሸጦ ነበር። ቴሌቪዥን በየሳምንቱ አንድ ክፍል ይፈልጋል፤ ገንዘቡም ሰዓቱም ስላልበቃ የሥዕሉ ቁጥር ተቀነሰ። ያ ልማድ ሰነበተና ስልት ሆነ። የ«ለምን» ግማሽ መልስ ይኸው ነው። 2ኛው እትም በ2023 ስለወጣ የድሮውን አትግዢ።

ሌላው ግማሽ የቶማስ ላማር «ዘ አኒሜ ማሽን» (2009) ነው። ከባድ ነው፤ ፍልስፍና ይበዛበታል፤ አንዳንዱን አንቀጽ ሦስቴ ሳያነቡት አይገባም። ዋናው ሐሳብ ግን በአውቶቡስ መስኮት የሚታይ ነገር ነው። በጎን መስኮት ስታዪ ቅርብ ያለው አጥር ይበራል፣ ማዶ ያለው ተራራ ቀስ ይላል፤ ዓለሙ እርስ በርሱ የሚንሸራተት ንጣፍ ይሆናል። በሾፌሩ የፊት መስታወት ስታዪ ደግሞ ወደ ጥልቀቱ ትገቢያለሽ። ላማር የሚለው፣ አኒሜ ገጸ ባሕሪውን ብዙ ከማንቀሳቀስ ይልቅ የጎን መስኮቱን መንገድ ይዞ ንጣፎቹን ያንሸራትታል ነው። የመጀመሪያው ክፍል የሚያተኩረው በ1986ቱ «ላፑታ፦ ግንብ በሰማይ» ላይ ስለሆነ ፊልሙን ቀድመሽ ካላየሽ ትጠፊያለሽ። መግቢያውንና ያንን ክፍል አንብበሽ ብታቆሚም ከሰርሽ አይባልም።

መጽሐፉን ከማመንሽ በፊት ራስሽ ቁጠሪ። አሥር ሴኮንድ የሚሆን የንግግር ትዕይንት ምረጪ። ዩቲዩብ ላይ ከሆነ አቁሚውና በኪቦርዱ የነጥብ ቁልፍ አንድ አንድ ፍሬም (ቪዲዮው የተሠራበት አንድ ምስል) ወደፊት፣ በኮማው ወደኋላ ትሄጃለሽ። በሴኮንድ 24 ፍሬም ስለሆነ 240 ፍሬም ማለት ነው። አዲስ ሥዕል በመጣ ቁጥር መስመር አስምሪ። አንድ ሥዕል ሦስት ሦስት ፍሬም ከቆየ በሴኮንድ 8 ሥዕል ነው፤ የቴሌቪዥን አኒሜ የተለመደ መጠን። ሁለት ሁለት ከሆነ 12። ሰውዬው ሲያወራ ፊቱ ፈጽሞ ሳይነቃነቅ አፉ ብቻ በሦስት ሥዕል፣ ዝግ፣ ገርበብ፣ ክፍት እያለ ሲዞር ታገኚዋለሽ።

ቆጠራው የሚበላሸው በሦስት ምክንያት ነው። አንደኛ፣ ጀርባው እየተንሸራተተ ከሆነ ፍሬሙ ሁሉ አዲስ ይመስላል፤ ቁጠሪ ያልኩሽ የገጸ ባሕሪውን መስመር እንጂ ጀርባውን አይደለም። ሁለተኛ፣ ቪዲዮው ከአሜሪካ ዲቪዲ የተወሰደ ከሆነ በሴኮንድ 30 ፍሬም ሊሆን ይችላል፤ አራቱ ፍሬም አምስት እንዲሆን ተደርጎ ስለተዘረጋ የተደባለቀ፣ ጥርስ ያወጣ ሥዕል ታያለሽ፣ ቁጥርሽም አይገጥምም። ሦስተኛ፣ በቴሌቪዥን የምታዪ ከሆነ «እንቅስቃሴ ማለስለሻ» የሚባለውን ሴቲንግ አጥፊው፤ ሠዓሊው ያልሣለውን ፍሬም ከራሱ እየፈጠረ ይከታል። (እውነቱን ለመናገር፣ ባትቆጥሪም አጥፊው።)

ሶስና_ቢ፦
ቆጠርኩ። ጀርባው ሲንሸራተት እኔም ተታልዬ ነበር፤ ደግሜ ስቆጥር 80 አካባቢ መጣ። የሆኩሳይና የመሣሉ ጥያቄስ?

የቆየ_ደብተር፦
ሆኩሳይ ላይ ጥቁር_ቀለም የጠቆመው የሾት መጽሐፍ ከ12ኛውና 13ኛው ክፍለ ዘመን የእንስሳት ጥቅልል ጀምሮ እስከ ዛሬ አንድ መስመር ይስባል። ለረጅም ጊዜ ሁሉም ያንን ሲደግም ኖሯል። ሆኩሳይ በ1814 ማውጣት የጀመረው ስብስብ «ማንጋ» ይባላል፤ ይህ ሐቅ ነው። ግን የንድፍ ስብስብ ነው፤ ተከታታይ ታሪክ የለውም፣ ባሉንም (ንግግር የሚጻፍበት አረፋ) የለውም።

ይህን የሚሞግተው የአይክ ኤክስነር የ2021 መጽሐፍ ነው፤ ስለ ኮሚክስና ስለ ማንጋ አመጣጥ። ክርክሩ፣ ሰዎች በባሉን የሚነጋገሩበት፣ ድምፅ በሥዕሉ ውስጥ የሚገባበት የዛሬው ማንጋ የመጣው በ1920ዎቹ በጃፓን ጋዜጦችና መጽሔቶች ተተርጉመው ከወጡ የአሜሪካ ኮሚክሶች ነው የሚል ነው። ዋናው ምስክሩ ከ1923 ጀምሮ በጃፓንኛ የወጣው የጆርጅ ማክማነስ «አባትን ማሳደግ» ነው። ማስረጃው ከዘመኑ ጋዜጦች ስለሆነ ጠንካራ ነው፤ እኔ ወደሱ አደላለሁ።

ለእኛ የሚቀርብ ምሳሌ አለ። የንግሥተ ሳባን ታሪክ በተርታ ሳጥኖች፣ ብዙ ጊዜ በ44፣ የሚያሳየውን ሥዕል ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፤ በየስጦታ ዕቃ ሱቁ ተሰቅሎ አለ። ከግራ ወደ ቀኝ እየተነበበ ታሪክ ይናገራል፣ ከሥሩም ጽሑፍ አለው። ያ ማለት ግን ዛሬ አንድ የአዲስ አበባ ልጅ በታብሌት የሚሠራው ኮሚክ ከዚያ ተወለደ ማለት አይደለም። መመሳሰል አንድ ነገር ነው፤ ማን ከማን ተማረ የሚለው በሰነድ የሚጣራ ሌላ ነገር ነው። የቆዩት መጻሕፍት የተሳሳቱት እዚህ ላይ ነው።

ብዕረኛው፦
የመሣያ መጻሕፍት ላይ፦ ብዙዎቹ የፊት ዓይነት ካታሎግ ናቸው። ሱቅ ውስጥ ስታገላብጪ አንድ ነገር ፈልጊ፤ «ኔም» የሚባለው ረቂቅ አለበት? ኔም ማለት ገጹ ከመሣሉ በፊት ሳጥኖቹ፣ ሰዎቹና ንግግሩ በእርሳስ የሚቀመጡበት ሻካራ ንድፍ ነው፤ ጃፓን ውስጥ አርታኢው መጀመሪያ የሚያየውና የሚጥለው እሱን ነው። ኔም የሌለበት መጽሐፍ ሥዕል እንጂ ማንጋ አያስተምርም። በዚህ መለኪያ የሂሮሂኮ አራኪን መጽሐፍ እመርጣለሁ፤ «ጆጆ» የተባለው ማንጋ ደራሲ ነው፣ እንግሊዝኛው በ2017 ወጣ። ስለ ብዕር አያያዝ ሳይሆን ገጸ ባሕሪ፣ ታሪክ፣ ዓለምና ጭብጥ እንዴት እንደሚደጋገፉ ነው የሚያወራው።

ልኬቱን ግን ከእኔ ውሰጂ፤ ብዙ መጽሐፍ ይዘለዋል። የባለሙያ ወረቀት ቢ4 ነው፣ 257 በ364 ሚሊ ሜትር። የሚቆረጥበት ክፈፍ 220 በ310፣ የውስጡ ክፈፍ 180 በ270። መጽሔቱ ቢ5 ስለሆነ ሥዕሉ ወደ 83 በመቶ ያንሳል። እዚህ ቢ4 ስለማይገኝ በኤ4 ሥሪ፤ የሚቆረጠው 182 በ257፣ የውስጡ 150 በ220። ይህ በጃፓን በራሳቸው ገንዘብ የሚያሳትሙ ሠዓሊዎች የሚጠቀሙበት ልክ ነው፤ ሥዕሉም ሳያንስ በቁሙ ይታተማል። ንግግር ከውስጡ ክፈፍ እንዳይወጣ፤ ጠራዡ ሲቆርጥ ወይም ሲሰፋ ይበላዋል።

ጂ ፔን የሚባለው የብረት ጫፍ አዲስ ሲሆን እንዳይዝግ ዘይት ተቀብቶ ነው የሚመጣው። በጨርቅ ካልጠረግሽው ቀለሙ ይሸሽና ነጠብጣብ ይጥላል፤ ሰው ቀለሙን ይወቅሳል። ተራው የፎቶ ኮፒ ወረቀት ደግሞ ቀለሙን ስቦ መስመሩን ጸጉራም ያደርገዋል። ግራጫ ለማስመሰል የሚለጠፈውን የነጠብጣብ ንድፍ፣ ስክሪንቶኑን፣ በኮምፒውተር የምታደርጊ ከሆነ በመጨረሻው የኅትመት ልክ በ600 ዲፒአይ (በአንድ ኢንች 600 ነጥብ) ጥቁርና ነጭ አድርጊው። ቶኑን ከለጠፍሽ በኋላ ሥዕሉን ካሳነስሽው ነጠብጣቡ ከፒክስሉ ጋር ይጋጭና እንደ ሐር ጨርቅ ሞገድ ያወጣል። ያኔ መድኃኒት የለውም፤ እንደገና መለጠፍ ነው።

በአማርኛ ለምትሠሩ አንድ ጉዳይ። የጃፓን ባሉን ረጅምና ጠባብ የሆነው ጽሑፉ ከላይ ወደ ታች ስለሚወርድ ነው። ያንን ቅርጽ ቀድተሽ «አልነገርኳቸውም» ብትጽፊበት አንድ ቃል ዘጠኝ ፊደል ነው፤ እንደ እንግሊዝኛው ትልቅና ትንሽ ፊደልም የለንም። የብራና ጸሐፊዎች ቃሉን መስመር መጨረሻ ላይ ባደረሰው ቆርጠው ይቀጥሉ ነበር፤ በኮሚክ ግን ዓይን ይደናቀፋል። ባሉኑን አግድም አስፊው፤ ንግግሩንም በኔሙ ላይ በሙሉ ቃሉ ጻፊው፣ «እዚህ ያወራል» ብለሽ አትለፊ። አማርኛ ከግራ ስለሚነበብ ገጹም ከግራ ይጀምር። ጃፓን ለመምሰል ብሎ ከቀኝ መጀመር ሳጥኑን ወዲያ፣ ጽሑፉን ወዲህ መጎተት ነው።

ሶስና_ቢ፦
እንግዲያው ሾት፣ ክሌመንትስ 2ኛ እትም እና አራኪ። ኤክስነርን በኋላ።

ፍሬም24፦
ላማርን ጣልሽው! እሺ፣ ቁጥሩን ስለቆጠርሽ ይቅር ብዬሻለሁ።

ጥቁር_ቀለም፦
ለሚያመጣልሽ ሰው ርዕሱን ብቻ አትላኪ። አይኤስቢኤኑን (የመጽሐፉን መለያ ቁጥር) ላኪለት፤ ከመክፈሉ በፊትም የቅጂ መብቱና እትሙ የተጻፈበትን ገጽ ፎቶ አንስቶ ይላክልሽ። የድሮ መጽሐፍ በኢንተርኔት ሲሸጥ ሽፋኑ የአዲሱ፣ ውስጡ የአሮጌው እትም ሆኖ የሚመጣበት ጊዜ አለ። ፍለጋ ላይ የጃፓን ስም ከገባ ደግሞ ሁለቱንም ቅደም ተከተል ሞክሩ፤ አንዱ ካታሎግ «ቴዙካ ኦሳሙ»፣ ሌላው «ኦሳሙ ቴዙካ» ይለዋል።