ከእህቶቹ ጋር ሲሆን ብቻ አልበርድ ያለ ንዴት

የሟች ወንድሜ ልጅ ፒያሳ ያለውን ወርቅ ቤት ከሁለት እህቶቹ ጋር ወርሷል። ሥራውን ጠንቅቆ ያውቃል፤ ችግሩ ቶሎ ቱግ ማለቱ ነው።

ከደንበኛ ጋር ያለው ተስተካክሏል። «ይሄ 21 ካራት አይደለም» ሲሉት ድሮ ይጮህ ነበር። አሁን መልስ ከመስጠቱ በፊት ዕቃውን አገላብጦ የ21 ካራት ምልክት የሆነውን 875 የሚለውን ማህተም በማጉያ መነጽር ያሳያል፣ ከዚያ ሚዛን ላይ ያስቀምጠዋል። እጅ ሥራ ሲይዝ አፍ ይዘገያል። ትንፋሹንም እስከ 4 ቆጥሮ ያስገባል፣ እስከ 8 ቆጥሮ ያስወጣል፤ የልብ ምትን የሚያበርደው ረጅሙ ማስወጣት ነው። ጥርሱን መንከስ ሲጀምር ከደረሰበት ይሠራል፤ ድምፁ ከፍ ካለ በኋላ ግን ውኃ በወንፊት ነው።

ያልተቻለው የውርስ ክፍፍሉ ላይ ነው። ኑዛዜ ስለሌለ ልጆች እኩል እንደሚካፈሉ ሁሉም ያውቃሉ፤ ጭቅጭቁ ሱቁ ይሸጥ ወይስ ይቀጥል የሚለው ነው። ሲግል ወጣ ብሎ እንዲመለስ ተስማማን። መቼ እንደሚመለስ ሳይናገር ስለሚወጣ እህቶቹ ንቀት መስሏቸው ይከተሉታል፣ ጠቡም ደረጃው ላይ ይቀጥላል። «20 ደቂቃ ስጡኝ» ብሎ እንዲወጣ አደረግን፤ ሰዓቱን ነገሩን ለጓደኛው በስልክ እየደገመ ስለሚጨርሰው ብሶበት ይመለሳል። ስብሰባውን ከምሳ በኋላ ማድረጉ ትንሽ ረድቷል። ሽማግሌ ሲቀመጥ ግን ታፍኖ ይቆይና ሽማግሌው ሲሄዱ ይፈነዳል።

ንዴቱን እያመነዠከ እንዳይመለስ፣ በእነዚያ 20 ደቂቃዎች ውስጥ ምን ቢሠራ ይሻላል?