በምናብ ዓለም የአስማት ጉልበትን የሚቃወመው «እግድ» በምን ሕግ ይመራ?

ጀማሪ ደራሲ፦
ሰላም ለሁላችሁም። በመጻፍ ላይ ባለሁት ልብ ወለድ ውስጥ «ረመጥ» የሚባል ጉልበት ከምድር ሆድ ይመነጫል፤ «ሳቢ» የሚባሉ ሰዎችም በገላቸው እያሳለፉ ድንጋይ ያነሡበታል፣ ብረት ያቀልጡበታል። ይህን ጉልበት የሚቃወመው ኃይል «እግድ» ይባላል። እስካሁን የሠራሁበት ሕግ ቀላል ነው፤ ሳቢው ከሚስበው ላይ እግድ አንድ አሥረኛውን ይወስዳል። በዚህ ሕግ ግን ተራራ ልንቀል ብሎ የተነሣን ሳቢ የሚያስቆመው ነገር የለም። «ከዚህ መጠን በላይ የሳበ ይሞታል» ብዬ መደንገግ እችል ነበር፤ አንባቢ ግን የደራሲውን እጅ ወዲያው ያየዋል። በፊዚክስ የምናውቃቸው ተቃዋሚ ኃይሎች የተሻለ መንገድ ያሳዩኝ ይሆን?

የላብራቶሪው ሰው፦
አሁን ባለበት ሁኔታ እግድ አሥራት እንጂ ተቃዋሚ ኃይል አይደለም፤ አሥራት ደግሞ የፈለገውን ያህል የሰበሰበ ሰው ዘጠኝ እጁን ይዞ እንዲሄድ ይፈቅዳል። በገሃዱ ዓለም ደረቅ ሰበቃ (ሁለት ደረቅ ነገሮች ሲፋተጉ የሚፈጠረው ተቃውሞ) ለፍጥነት ብዙም ግድ የለውም። አየር ግን በሚከንፍ አካል ላይ የሚያሳርፈው ተቃውሞ ከፍጥነቱ ስኩዌር (ፍጥነቱ በራሱ ሲባዛ ከሚሰጠው) ጋር ስለሚያድግ፣ ፍጥነትን እጥፍ ለማድረግ አራት እጥፍ ተቃውሞን በሁለት እጥፍ ፍጥነት መግፋት፣ ማለትም ስምንት እጥፍ ዋት (በየሰከንዱ የሚወጣ ጉልበት በጁል) ያስፈልጋል። በኤሌክትሪክ ሽቦ ውስጥም በሙቀት መልክ የሚባክነው ጉልበት ከከረንቱ (በሽቦው ከሚፈሰው የኤሌክትሪክ መጠን) ስኩዌር ጋር ያድጋል።

ይህንኑ ለእግድ ያውሱት። በ1000 ዋት የሚስብ ሳቢ 100 ዋት ይከስራል እንበል፤ ይህ ያው የእርስዎ አንድ አሥረኛ ነው። ኪሳራው ከሚሳበው መጠን ስኩዌር ጋር የሚያድግ ከሆነ፣ 5000 ዋት የሚስበው ሰው 2500 ከስሮ 2500 ይተርፈዋል፤ 10,000 የሚስበው ግን አንዳች አይቀረውም። ጣሪያው 2500 ዋት ላይ ራሱን በራሱ አበጀ ማለት ነው፤ ከ5000 ዋት በላይ የሚስብ ሁሉ ትርፉን ያሳንሳል እንጂ አይጨምርም። ደራሲው አንድም ነገር አልደነገገም።

ቀጥሎ መመለስ ያለበት፣ የተወሰደው ጉልበት የት ይገባል የሚለው ነው፤ ብዙ ምናባዊ ዓለሞች የሚሰናከሉት እዚህ ላይ ይመስለኛል። ሙቀት ሆኖ በሳቢው ገላ ውስጥ ይቀራል ቢሉ፣ 70 ኪሎ የሚመዝን ሰው ሙቀቱ በአንድ ዲግሪ ሴልሺየስ እንዲጨምር ወደ 245,000 ጁል ይፈልጋል። 2500 ዋት የሚከስር ሳቢ ይህን በ100 ሰከንድ ገደማ ያከማቻል፤ ስለዚህ ሙቀቱን የሚያስወጣበት መንገድ ካላገኘ በአምስት ደቂቃ ከ37 ወደ 40 ዲግሪ ይደርሳል። 100 ኪሎ የሚመዝን ድንጋይ አሥር ሜትር ለማንሣት ግን 9800 ጁል ብቻ ስለሚበቃ በሚተርፈው 2500 ዋት አራት ሰከንድ ገደማ ይፈጅበታል፤ አንድ ድንጋይ አይጎዳውም፣ ግንብ ልገንባ ቢል ግን ይጋያል። በ1000 ዋት የሚሠራው ረጋ ያለ ሳቢ ግን የሚጨምርበት 100 ዋት፣ ማንኛችንም አርፈን ስንቀመጥ ከገላችን ከሚወጣው ሙቀት ጋር የሚቀራረብ ስለሆነ፣ ጥቂት እያላበው ረጅም ሰዓት ይዘልቃል።

የመጠምጠሚያ ሽቦ፦
የላብራቶሪው ሰው ያሉት ትክክል ነው፤ ሆኖም የሚቃወም ነገር ሁሉ ጉልበት አያባክንም። የፊዚክስ ሊቁ ሌንዝ እ.ኤ.አ. በ1834 እንዳስቀመጠው፣ ተለዋዋጭ መግነጢሳዊ መስክ የሚፈጥረው ከረንት ያንኑ ለውጥ የሚቃወም ነው። በተጠመጠመ ሽቦ ውስጥ ከረንት ለመጨመር ስንሞክር ሽቦው ይቃወማል፣ ጉልበቱንም በመስኩ ያስቀምጣል፤ በድንገት ስናቋርጠው ያስቀመጠውን ይመልሳል፣ በማብሪያ ማጥፊያው ላይ ብልጭታ የሚታየውም በዚህ ምክንያት ነው። እግድ ይህ ጠባይም ካለው፣ ለሳቢው መጀመር ከባድ፣ በድንገት መልቀቅ ደግሞ አደገኛ ይሆናል። በውጊያ መካከል የተደናገጠ ሳቢ ረመጡን ቀስ አድርጎ ከማውረድ ይልቅ ቢለቀው ክንዱ ይቃጠላል። ሁለቱን ጠባያት ግን በአንድ ስም ባይጠሩ ይሻላል፤ አንዱ ጉልበት ይበላል፣ ሌላው ያቆያል።

ጀማሪ ደራሲ፦
ሁለታችሁንም እጅግ አመሰግናለሁ። አሥር ሳቢዎች በአንድነት ቢስቡስ? እግድ ፈጽሞ የሌለበት ስፍራ ቢኖርስ? ለታሪኩ መጨረሻ እንዲህ ያለ ዋሻ አስቤ ነበር።

የላብራቶሪው ሰው፦
አሥሩ እያንዳንዳቸው 1000 ዋት ቢስቡ በድምሩ 9000 ይተርፋቸዋል፤ ብቻውን 10,000 የሚስበው ጀግና ባዶ እጁን ይቀራል። «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» የሚባለው በቀመርም ይሠራል ማለት ነው፤ የዚያ ዓለም ቤተ መንግሥትና ግንብ በደቦ እንጂ በአንድ ጠንቋይ እንደማይቆም ከዚህ መገመት ይቻላል። እኔ ብሆን ልብ ወለዱን በዚህ ላይ አቆመው ነበር።

ስለ ዋሻው፦ የሆላንዱ የፊዚክስ ሊቅ ካመርሊንግ ኦነስ እ.ኤ.አ. በ1911 ሜርኩሪን ወደ 4.2 ኬልቪን ገደማ (ከዜሮ በታች ወደ 269 ዲግሪ ሴልሺየስ) ሲያቀዘቅዘው የኤሌክትሪክ ተቃውሞው ጨርሶ ሲጠፋ አይቷል፤ ስለዚህ እግድ የሌለበት ስፍራ ከተፈጥሮ ሕግ ጋር አይጣላም። ይሁን እንጂ እንዲህ ያሉ ቁሶች ከተወሰነ ከረንት በላይ ሲጫንባቸው ይህ ጠባይ ይጠፋባቸዋል፣ ተቃውሞውም ይመለሳል። በዋሻዎም እንዲሁ ይሁን፤ ሳቢው ያለ ኪሳራ እየሳበ፣ ወሰኑን ባለፈባት ቅጽበት እግድ በሙሉ ኃይሉ ይመለስበት። ወሰኑ የት እንደሆነ አንባቢ ከመጀመሪያዎቹ ምዕራፎች ጀምሮ ማወቅ አለበት፤ በመጨረሻው ምዕራፍ ብቻ ቢገለጥ የሸሹት ድንጋጌ ተመልሶ መጣ ማለት ነው።