በአድናቂዎች የተተረጎሙ የድብድብ ጌሞች፦ የቱን ልጀምር ለምትሉ

በጃፓንኛ ብቻ ወጥተው፣ አድናቂዎች በነፃ ወደ እንግሊዝኛ የመለሷቸው የዲኤስና የፒኤስፒ (የኔንቲዶና የሶኒ የእጅ ኮንሶሎች) ጌሞች ሞልተዋል። ቡጢና ካልቾ ግን አስተርጓሚ አይፈልግም። ስለዚህ መጀመሪያ የማየው፣ ጌሙ ሳይነበብ ይሄዳል ወይ የሚለውን ነው።

ጃምፕ አልቲሜት ስታርስ ሳይነበብ በፍጹም አይሄድም። ትርጉሙ በጣም የሚያስፈልገው እሱ ስለሆነ አንደኛ አደርገዋለሁ። በ2006 ለኔንቲዶ ዲኤስ የወጣ ነው፤ የማንጋ (የጃፓን ኮሚክ) ጀግኖቹ ጎኩ፣ ናሩቶና ሉፊ አንድ ሜዳ ላይ ይፋለማሉ። ዋናው ጨዋታ ግን ከድብድቡ በፊት ነው። አራት በአምስት የሆነ ሰሌዳ ይሰጣችኋል፤ 20 ካሬ። እዚያ ላይ የማንጋ ቁርጥራጮች እየገጣጠማችሁ ቡድን ትሠራላችሁ። አንድ ካሬ የሚይዘው አጋዥ ብቻ ነው። ሁለት ወይም ሦስት የሚይዘው ብቅ ብሎ መትቶ ይሄዳል። ከአራት ጀምሮ ያለው ራሱ ይዋጋል። ከሦስቱም ዓይነት ካልያዛችሁ ቡድኑ ሙሉ አይሆንም። ይህን ጃፓንኛ ሳይችሉ በግምት መሥራት ራስ ምታት ነው። በዚያ ላይ ተልዕኮዎቹ የየራሳቸው ማሸነፊያ አላቸው፤ ምን እንደተጠየቃችሁ ሳታውቁ ብትደባደቡ ትርፉ ድካም ነው።

የ2005ቱ ጃምፕ ሱፐር ስታርስም ትርጉም አለው። አልቲሜት ስታርስ ካላችሁ ግን እሱን እለፉት።

ብሊች ሂት ዘ ሶል 7 ብሊች በተባለው ማንጋ ላይ የተሠራ፣ የ2010 የፒኤስፒ ጌም ነው። እዚህ ሜኑው ከገባችሁ በቂ ነው፤ ሌላውን እጅ ይለምደዋል።

ኒዮ ጂኦ ፖኬት (የኤስኤንኬ ኩባንያ የእጅ ኮንሶል) ያላችሁ ደግሞ ፓች፣ ማለትም የትርጉሙን ፋይል፣ ፍለጋ ከመሮጣችሁ በፊት የኮንሶሉን ቋንቋ ወደ እንግሊዝኛ ቀይሩ። ብዙዎቹ የኤስኤንኬ ካሴቶች እንግሊዝኛውን በውስጣቸው ይዘዋል።

ፓች ማለት ጌሙ አይደለም፤ በጌሙ ላይ የተደረገው ለውጥ ብቻ ነው። ያልተነካካ ሮም (የጌሙን ቅጂ ፋይል) ይፈልጋል። ሲአርሲው (የፋይሉ መለያ ቁጥር) ተርጓሚዎቹ ከጻፉት ጋር ካልገጠመ አትድከሙ። አይፒኤስ የሚባለው የፓች ዓይነት ከ16 ሜጋባይት አያልፍም፤ ለዲኤስና ለፒኤስፒ ኤክስዴልታ የሚባለው ሌላ የፓች ዓይነት የሚበዛው ለዚህ ነው። “ተተርጉሞ ያለቀ” ተብሎ የሚዞረው ሙሉ ፋይል ግን ያው የተሰረቀ ጌም ነው፤ ውስጡ ምን እንደተጨመረበትም አይታወቅም።

ስልክ ብቻ ያላችሁ ከብሊች ጀምሩ። የፒኤስፒ ጌሞችን ስልክ ላይ የሚያስኬደው ፒፒኤስኤስፒፒ አንድሮይድ ላይ በነፃ ይሠራል። የብሉቱዝ ጌምፓድ ግን አይቅርባችሁ፤ ስክሪን በጣት እየነኩ ኮምቦ (ተከታታይ ምት) አይወጣም። ጃምፕ አልቲሜት ስታርስ በድብድቡ መሃል የታችኛውን ስክሪን እየነካችሁ ተፋላሚ የምትቀይሩበት ስለሆነ፣ ያገለገለ ዲኤስ ወይም 3ዲኤስ እስክታገኙ አቆዩት።