የፒቺቺ ቡክሌት፦ ረቂቅ ዕቅድ፣ አስተያየት እስከ እሑድ

ጸሐፊ፦
ረቂቁ ይኸው። ባለ 32 ገጽ ቡክሌት በአማርኛ፣ ፒቺቺ በሚል ቅጽል ስም ስለሚታወቀው የአትሌቲክ ቢልባዎ አጥቂ ስለ ራፋኤል ሞሬኖ አራንሳዲ። ልጆቻችን በየዓመቱ «ፒቺቺውን ማን ወሰደው?» ይባባላሉ፤ ሰውየው ማን እንደነበር የነገራቸው የለም። ዘመኑ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው፤ በ1892 ቢልባዎ ተወለደ፣ በ1922 ገና በ29 ዓመቱ በታይፈስ ሞተ። ላሊጋ የተጀመረው በ1929 ስለሆነ አንድም የሊግ ጨዋታ አልተጫወተም። የስፔኑ ማርካ ጋዜጣ ለላሊጋ ኮከብ ግብ አግቢ ሽልማት ስሙን የሰጠው በ1950ዎቹ ነው። መጨረሻ ላይ ቢልባዎ ሄደን በክለቡ ስታዲየም በሳን ማሜስ ባለው ሐውልቱ ሥር አበባ እናስቀምጣለን። ከማኅበሩ ካዝና 1,400 ዩሮ።

ገንዘብ ያዥ፦
1,400 የለም። ያለው 1,150 ነው። የካቻምናው ካላንደር ገንዘብ አልተመለሰም፤ ሁለት ካርቶን ካላንደር እስካሁን የእኔ ኮሪደር ላይ ነው።

አባል፣ ማድሪድ፦
አበባው አልገባኝም። እዚያ አበባ የሚያስቀምጠው ሳን ማሜስን ለመጀመሪያ ጊዜ የረገጠ ቡድን ነው፣ አምበሉ ይዞ ሄዶ። እኛ ቡድን አይደለንም።

አባል፣ ፍራንክፈርት፦
ለሞተ ሰው አበባ ለማስቀመጥ ቡድን መሆን ያስፈልጋል?

አባል፣ ማድሪድ፦
እዚያ አዎ። ሐውልቱ ከ1926 ጀምሮ አለ፣ ወጉ የእነሱ ነው። የሰው ወግ ውስጥ ዘው አይባልም።

ጸሐፊ፦
አበባው በረቂቁ ውስጥ አንድ መስመር ነው። እባካችሁ ምዕራፍ ሁለትን አንብባችሁ አስተያየት ስጡ።

አባል፣ ቢልባዎ፦
ሐውልቱ ስታዲየሙ ውስጥ ነው፣ አደባባይ ላይ የቆመ እንዳይመስላችሁ። ማንም ከመንገድ ገብቶ አበባ አያስቀምጥም። ክለቡን በደብዳቤ መጠየቅ ይቻላል።

አባል፣ ፍራንክፈርት፦
ደብዳቤውን እኔ እጽፋለሁ። የማድሪዱ ግን ጉዳዩ ወግ አይመስለኝም። በ1916 የስፔን ንጉሥ ዋንጫ ፍጻሜ የፒቺቺ ክለብ አትሌቲክ ቢልባዎ የዛሬውን ሪያል ማድሪድ 4 ለ 0 ስለሸኘ ነው።

አባል፣ ማድሪድ፦
በክለቤ አትምጣብኝ። አምና ለጉዞው ማን ከፍሎ ማን እንዳልከፈለ ዝርዝሩን ላውጣው?

ገንዘብ ያዥ፦
ዝርዝሩ እኔ ጋ ነው ያለው፣ አይወጣም።

የቀድሞ ሰብሳቢ፦
ልጆች፣ ተዉ። ስለ አበባ ይህን ሁሉ ስታወሩ ስለ ሰውየው ማን ተናገረ? ነሐሴ 1913 ሳን ማሜስ ሲመረቅ ከራሲንግ ኢሩን ጋር 1 ለ 1 ሲወጡ የሜዳውን የመጀመሪያ ግብ ያገባው እኮ እሱ ነው። ያ ኢሩን በዚያው ዓመት በፍጻሜ ዋንጫውን የነጠቃቸው ቡድን ነው! ከዚያ በ1914፣ በ1915፣ በ1916 በተከታታይ ዋንጫ በላ፤ በ1915ቱ ፍጻሜ ኤስፓኞልን 5 ለ 0 ሲያሸንፉ ሦስቱ የእሱ ናቸው። በ1921 አራተኛውን ጨመረ። ቁመቱ አጭር፣ ራሱ ላይ ነጭ ቆብ፣ ተከላካዮቹ ደግሞ በትከሻ የሚበልጡት። ለልጆቻችን መነገር ያለበት ይኼ ነው።

አባል፣ ፍራንክፈርት፦
እሺ እትዬ። የማድሪዱ፣ ይቅር በለኝ፣ አበዛሁት።

አባል፣ ማድሪድ፦
አልፏል። የአበባው ነጥብ ግን እንዳለ ነው።

አባል፣ ስቶክሆልም፦
ችግሩ ቡድን አለመሆናችን ከሆነ ቡድን እንሁን። ቅዳሜ ቅዳሜ የሚጫወቱ ልጆች አሉን። ቢልባዎ ከሰፈር ቡድን ጋር የወዳጅነት ጨዋታ እናድርግ፣ ከዚያ አበባውን አምበላችን ይዞ ይሄዳል።

አባል፣ ማድሪድ፦
እንደዚያ ከሆነ ተቃውሞ የለኝም። በረኛ እኔ ነኝ።

አባል፣ ቢልባዎ፦
ሜዳ አፈላልጋለሁ።

ገንዘብ ያዥ፦
ማሊያ አለን? የለንም። 16 ማሊያ ሲገዛ ለኅትመት የሚተርፈው 8 ገጽ ነው፣ ያውም ያለ ቀለም።

ጸሐፊ፦
8 ገጽ ላይ ምኑን ላስቀር? አንትወርፕን? በ1920ው ኦሎምፒክ ስፔን የመጀመሪያ ብሔራዊ ቡድኗን ስትልክ አምስቱንም ጨዋታ ተሰልፏል፤ ሆላንድን 3 ለ 1 አሸንፈው የብር ሜዳሊያ ሲወስዱ አንዱን ግብ አግብቷል። ወይስ የመጨረሻዎቹን ወራት? ስሙን ሲጠራ የኖረው ደጋፊ «ኮርቷል» እያለ ማጉረምረም ጀመረበት፣ በ1921 ጫማውን ሰቀለና ዳኛ ሆኖ ወደ ሜዳ ተመለሰ፣ ከዚያ ብዙም ሳይቆይ ሞተ። ይህን ትቼ ስለ ዋንጫ ብቻ አልጽፍም። ለመሆኑ ሽፋኑን እሠራለሁ ያለው ልጅ የት ገባ?

አባል፣ ስቶክሆልም፦
ከአርብ ጀምሮ ስልክ አያነሳም።

አባል፣ ፍራንክፈርት፦
ማሊያው ቀይና ነጭ ይሁን፣ እንደ አትሌቲክ።

አባል፣ ማድሪድ፦
በምንም ተአምር። አረንጓዴ፣ ቢጫ፣ ቀይ።

የቀድሞ ሰብሳቢ፦
የእኛው ቀለም ይሁን፣ ጀርባው ላይ ግን የእሱ ስም ይጻፍ።

ገንዘብ ያዥ፦
ጀርባ ላይ ማጻፍ በማሊያ 4 ዩሮ ይጨምራል፤ ከዚያ ቡክሌቱ 4 ገጽ ይሆናል። የማሊያ ልካችሁን እስከ ረቡዕ ላኩ።

ጸሐፊ፦
በ4 ገጽ አልፈርምም። አንትወርፕንና የመጨረሻውን ዓመት የሚይዝ 8 ገጽ ካልተጠበቀ ረቂቁን በስሜ አታቅርቡት። የክለቡ ደብዳቤስ ተጻፈ?

አባል፣ ስቶክሆልም፦
የእኔ ኤል፣ የወንድሜ ኤም።

አባል፣ ቢልባዎ፦
ሜዳ ተገኝቷል፣ ግን የሰው ሠራሽ ሣር ነው። ጫማ እንዳትሳሳቱ። ደብዳቤው ለክለቡ አልደረሰም፣ ጠይቄያለሁ።